አምስተኛዋ ሚስት

ወዳጄ፣

የወጥ ቤቱ ቧንቧ አሁንም ያንጠባጥባል፤ ባልዲውን ሳትደፋ እንዳትወጣ። ቁልፌን ለአከራያችን ሰጥቻታለሁ። አክስቴ ዘንድ ሄጃለሁ። ሳልሰናበትህ የወጣሁት በምን ዓይኔ አየዋለሁ ብዬ ነው።

ትናንት እህትህ አንተን ስትጠብቅ ጠረጴዛው ላይ የተውኩትን ልብ ወለዴን አነበበች። ያው የምታውቀውን፣ አምስት ሚስቶች ስላሉት ዘንዶ ገዳይ ንጉሥ የምጽፈውን። "አንዷንም አስገድዶ አያውቅም፤ ደግ ሰው ነው" እያልኩ ስመጻደቅ አንተም ራስህን ትነቀንቅልኝ ነበር።

አምስተኛዋ ሚስት ክር በጥርሷ ትበጥሳለች። ስትስቅ አገጯ ላይ ያለችውን ጠባሳ በእጇ ትሸፍናለች። አንተ አንብበኸው እህትህን አላወቅካትም። ልወቅስህ አይደለም።

እሷ ግን እዚያ ገጽ ላይ ስትደርስ እጇ አገጯ ላይ ነበር። ቀስ ብላ አወረደችው። አልተቆጣችም።
"ይቺ ሴትዮ አንድ ቀን እንኳ እምቢ አትልም?" አለችኝ።

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ስትሄድ ደብተሩን ከዳር እስከ ዳር አገላበጥኩት። አምስቱም እምቢ ብለውት አያውቁም። ለካ ደግነቱ አንድም ቀን አልተፈተነም።

ተቀምጬ አምስተኛዋ "አልፈልግህም፣ ልሂድ" የምትልበትን ገጽ ጻፍኩ። ንጉሡ በሩን እንዲከፍትላት ነበር ሐሳቤ። ሦስት ጊዜ ጻፍኩት፤ ሦስቴም ዘጋባት።

ደብተሩ አልጋህ ላይ ነው፤ ሌላ ቅጂ የለውም። ለእህትህ ስጥልኝ። ታቃጥለው፣ ታስቀምጠው፣ እሷ ታውቃለች።
አልቀበልም ካለችህ ግን፣ አደራ፣ ደግመህ አትጠይቃት።