ሀያት ያተረፈችው ወረቀት

ሰኞ፣ ኅዳር 8፤ ምሽት 1 ሰዓት

ማሽኑ ዛሬም ወረቀት አኘከ። አራት ጊዜ ከፈትኩት፣ አራት ጊዜ ዘጋሁት። ጣቶቼ እስካሁን ጥቁር ናቸው። ማስታወሻዬ፣ ጠርዝሽ ላይ አሻራ ብታገኚ ሌላ ሰው አትጠርጥሪ።

ፎ/ኮፒ ቤቱን ዘግቼ ከስድስት ኪሎ ወደ አፍንጮ በር በእግሬ ወረድኩ። ሀያት ከት/ቤት ገብታ ትጠብቀኛለች። ሰላምታ የለም። ዳቦውን ትታ ዳቦው የመጣበትን ፌስታል አየች። ቀጥሎ እኔን አየች። ዕድሜዋ አሥር ነው፣ አስተያየቷ ግን የደንብ አስከባሪ። ፌስታሉን አጥባ ገመድ ላይ በመቆንጠጫ ሰቀለችው። ይኸው አሁን የግቢው ሰው የኛ ፌስታል ከአንሶላ ጎን ሲደርቅ ያያል።

የአካባቢ ጥበቃ ክበብ ከገባች ወዲህ ቤቱ በአዋጅ ነው የሚተዳደረው። ቧንቧ ከፍቶ ጥርስ መፋቅ ክልክል። የሩዝ እጣቢ መድፋት ክልክል፣ ለጤና አዳሙ ይሄዳል። አባቷ ጀማል በስልክ ይስቃል። እሱ የደሴ መስመር ሹፌር ነው፣ በሳምንት ሁለት ቀን ቢገኝ ነው፤ አዋጁ አይደርስበትም።

ጥፋቱ ግን የኔው ነው። ትንሽ ሳለች ባንኮኒው ሥር አስቀምጬ የተበላሸ ኮፒ እሰጣት ነበር። አንድ ገጹ ነጭ የሆነ ወረቀት አይጣልም እላታለሁ። ትስላለች። ዝም እንድትልልኝ ብዬ የተናገርኩትን እሷ ሃይማኖት አደረገችው። እኮራባታለሁ፣ ወላሂ። ትሰለቸኛለችም። ሁለቱም እውነት ነው።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10፤ ማታ

የፈተና ሰሞን። ቆሜ ዋልኩ።

ጋሽ መስፍን መጡ። በሀያት ት/ቤት የስምንተኛ ክፍል ሒሳብ መምህር ናቸው። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ፈተና የሚያባዙት እኔ ጋ ነው። በር ዘግተን እንሠራለን። ኮፒውን በፖስታ አሽገው ይሄዳሉ፣ የተበላሸውን ለኔ ይተዉታል። ዘሃራ ካለች አልሰጋም ይላሉ። ይቺን ቃል ከማንም ምርቃት አስበልጣታለሁ።

የፈተና ብልሽት እንደ ሌላው ብልሽት ኦቾሎኒ ጠቅልላ ለምትሸጠዋ አይሰጥም። ለሀያትም አይሰጥም። ማዳበሪያ ውስጥ ይገባል፣ አፉ ይታሰራል፣ ቤት ይመጣል፣ ኅዳር 12 ይቃጠላል። በዚያ ቀን የግቢያችን ክርስቲያንም እስላምም የዓመቱን ቆሻሻ ጠርጎ ያጨሳል። ኅዳር ሲታጠን በሽታ ይወጣል ይባላል። የበሽታውን እንጃ፣ ለኔ ሥራ ግን ይመቻል። እሳት ካየው ምን ለየው። ዛሬ ማሽኑ ቀለም ዘርግፎ ከጋሽ መስፍን ፈተና ብዙ አበላሸብኝ፤ ማዳበሪያው ጢም አለ።

ሀያት አየችው። ምንድነው አለች። ቆሻሻ ነው አልኳት። ወረቀት ነው እንጂ አለች። ቆሻሻ ወረቀት ነው፣ አትንኪው። ዓርብ ልታቃጥዪው ነው? አዎ። ከዚያ ጀመረች። ጭሱ የእትዬ አስካለን ደረት ይዘጋል። (ጎረቤታችን ናቸው፣ አስም አለባቸው።) አንድ ገጹ ነጭ የሆነ ወረቀት አይጣልም ያልሽው አንቺ አይደለሽም ወይ? ከአያት የመጣ ልማድ ነው ብዬ አፏን ዘጋሁ። ማስረዳት ነበረብኝ። ደክሞኝ ነበር።

ዓርብ፣ ኅዳር 12፤ ምሽት 12 ሰዓት

ተቃጠለ። ሰማዩ ግራጫ፣ ፒያሳ ድረስ ጭስ። ማዳበሪያውን እንደታሰረ ወረወርኩት፤ በአንዴ ተንቦገቦገ። ወረቀት እንዲህ ቀላል ነው እንዴ ብዬ ተገረምኩ። ደርቋል ማለት ነው።

እትዬ አስካለ በራቸውን ዘግተው ሲስሉ ይሰማል። ቅር አለኝ። ልጃቸው የአስም መድኃኒታቸውን ይዛ ስትሮጥ አየሁ፣ ዓይኔን ወደ እሳቱ መለስኩ። ሀያት ሻርፗን አፍንጫዋ ላይ ጠምጥማ ደፍ ላይ ቆማለች። አንድ ቃል አልተናገረችም። ተቀበለችኝ መሰለኝ። ልጅ ትረሳለች አልኩ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 16፤ ምሽት 2 ሰዓት

በቅደም ተከተል ልጻፍ።

ሀያት እየዘለለች ገባች። ትናንት ክበቡ ውስጥ ተጨብጭቦላታል። ሃያ ሁለት ደብተር ሠርታ ለአባላቱ በሙሉ አድላለች። በመርፌና በክር የተሰፋ፣ ሽፋኑ የሳሙና ካርቶን። አንዱን ለኔ አስቀርታለች። ከቆሻሻ የተሠራ፣ ለእማዬ ይላል ሽፋኑ። ልስማት ጎንበስ አልኩ። ገለጥኩት። ነጭ ገጽ። ጀርባውን አየሁ።

የስምንተኛ ክፍል ሒሳብ የአጋማሽ ፈተና። የጋሽ መስፍን ፊርማ። የፊታችን ሰኞ የሚሰጠው።

ሐሙስ ዕለት፣ እኔ ሥራ ላይ ሳለሁ፣ ማዳበሪያውን ፈታ ወረቀቱን አውጥታ፣ የወደቀ ቅጠልና የደረቀ ሣር ሞልታ መልሳ አስራዋለች። ዓርብ ያነደድኩት ቅጠል ነው። የተጻፈበትን አላየሽም ወይ አልኳት። ነጩን ነው ያየሁት አለች።

ጮህኩባት። ደብተሩን ፊቷ ቀደድኩት። ክበብሽንም አንቺንም አላህ ይይላችሁ አልኩ። ሁለተኛ ወረቀት የሚባል እጅሽ እንዳይገባ አልኩ። አላለቀሰችም። ብታለቅስ ይሻል ነበር። የተቀደደውን ካርቶን አንስታ ሄዳ ተኛች።

ረቡዕ፣ ኅዳር 17

ጀማልን በስልክ ነገርኩት። መጀመሪያ ሳቀ፣ ከዚያ ዝም በይ አለኝ። ልጆች ደብተር የሚገለብጡት ለመጻፍ ነው፣ ማን ጀርባውን ያያል? ሰኞ ያልፋል። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች እንዳትባዪ አለ።

ቀኑን ሙሉ አሰብኩት። እውነቱን ነው፣ ማንም ላያውቅ ይችላል። ግን ከክበቡ ሰባቱ የስምንተኛ ክፍል ልጆች ናቸው። ከሰባት ልጅ አንድ ጀርባ የሚያይ አይጠፋም። ባያዩም ጋሽ መስፍን ሰኞ ፖስታውን ሲከፍቱ በኔ ተማምነው ነው። ብናገር ደግሞ የት/ቤቱን ሥራ አጣለሁ። ኮፒ ቤት የሚኖረው በማሽን አይደለም፣ በእምነት ነው።

ማታ ሌላ ነገር አየሁ። ሀያት ስኳር ልትገዛ ወርዳ በሁለት ፌስታል ደርባ ይዛ መጣች። የቤት ሥራዋን አንድ መስመር ጽፋ ተሳሳተች፣ ገጹን ቀዳ ጨምድዳ ጣለች። ቧንቧውን ከፍታ ጥርሷን ፋቀች። እያየሁ ነው፤ እያየኋት እንደሆነ ታውቃለች። ውሃው ይፈሳል። ዝጊው ልበላት? በየትኛው አፌ።

ይሄ ከሥራው በላይ አስፈራኝ፣ ማስታወሻዬ። ሥራ ይፈለጋል። ይቺን ልጅ እንደገና ከየት አመጣታለሁ?

ሐሙስ፣ ኅዳር 18፤ ከቀኑ 10 ሰዓት

ሳይቃጠል በቅጠል። ጠዋት ሀያትን ይዤ ት/ቤት ሄድኩ። ከመምህራን ክፍል ውጭ አስቀመጥኳት። ለጋሽ መስፍን ሁሉንም ነገርኳቸው። መጀመሪያ ማሽኑን ላሳብብ ምላሴ ጫፍ ደርሶ ነበር። ዋጥኩት። ጥፋቱ የኔ ነው አልኩ። ፈተና መሆኑን ለልጄ አልነገርኳትም፣ ቆሻሻ ነው ብዬ አለፍኳት፣ እሷም ቆሻሻን እንደምታውቀው አደረገችው።

አልጮሁም። መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። አሥራ አንድ ዓመት፣ ዘሃራ፣ አሉ። ይሄ ብቻ። ቢሰድቡኝ እንዲህ አያመኝም ነበር።

በሩ ተከፈተ፣ ሀያት ገባች። ለካ ስትሰማ ነበር። እማዬ አትንኪ ብላኛለች፣ የፈታሁት እኔ ነኝ አለች። ድምጿ እንደ ክር የቀጠነ። ጋሽ መስፍን መነጽራቸውን መልሰው አደረጉ። ዛሬውኑ ሃያ አንዱንም ደብተር ሰብስበሽ ታመጫለሽ አሏት። ሌላ ፈተና ያወጣሉ። ርዕሰ መምህሩ ግን ነገሩ ሲነገራቸው ይሄ ዓመት እስኪያልቅ ፈተና ሌላ ቦታ ይባዛል አሉ። ልክ ናቸው።

ዓርብ፣ ኅዳር 19፤ ማታ

ሃያ አንዱም ተገኘ። በየክፍሉ እየዞረች ለምና አመጣች። አንዳንዱ ስቆባታል፣ አንዷ የሰጡትን መልሶ መውሰድ ነውር ነው ብላታለች። ሁለት የስምንተኛ ክፍል ልጆች ጥያቄዎቹን አግኝተው ሠርተዋቸዋል። ጋሽ መስፍን አርመው ግማሹን ስተዋል አሉ። ሲናገሩ ፈገግ ለማለት ትንሽ ቀርቷቸው ነበር።

ደብተሮቹን ለኔ ሰጡኝ። አንቺው አጥፊያቸው አሉ። ከሁሉ ነገር በኋላ ለኔ ሰጡኝ። መንገድ ላይ አለቀስኩ፣ ሰው አየኝ አላየኝ አላልኩም።

ራት ላይ ሀያት ጠየቀች። እንዳይቃጠል ማድረጌም ጥፋት ነበር? ከማክሰኞ ወዲህ ስትጠይቀኝ መጀመሪያዋ ነው። የታሰረ መፍታትሽ ጥፋት ነው አልኳት። ስለ ጭሱ ግን አንቺ ልክ ነበርሽ፣ እኔ አልነበርኩም። እትዬ አስካለ ከዚያ ቀን ጀምሮ ሐኪም ቤት እየተመላለሱ ነው። የቀደድኩት ደብተርም ጥፋቴ ነው አልኩ። እናቴ ለኔ እንዲህ ብላኝ አታውቅም፤ እንዴት እንደሚባል አላውቅበትም ነበር፣ ተንተባተብኩ። ሀያት ሳህኗን አየች።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 20፤ ከቀኑ 11 ሰዓት ተኩል

እሳት አልለኮስኩም። ትልቁን ሳፋ አውጥቼ ውሃ ሞላሁ። ክሩን ፈታሁ፣ ወረቀቱን በጣጥሼ ዘፈዘፍኩ፣ እንደ ሊጥ አሸሁት። ቁጥሩም ፊደሉም ጠፋ። ግራጫ ገንፎ ሆነ። ማንም አያነበውም፣ ማንም አይስልም። እትዬ አስካለ ወንበር አውጥተው እያዩኝ ዘሃራ ደግሞ ምን ሆነች ይላሉ። ይበሉ።

ሀያት ደፍ ላይ ቆማ ታያለች። አልጠራኋትም። ብዙ ቆየች። ኋላ እጅጌዋን ሰብስባ መጣችና ማዶ ተቀመጠች። መበጣጠስ ጀመረች። እኔም ማውራት ጀመርኩ። የቱ ወረቀት የማን አደራ እንደሆነ፣ ለምን በር ዘግቼ እንደምሠራ፣ ሰው ምስጢሩን አምኖ እንዴት እንደሚተውልኝ። ያልገባትን እያቋረጠች ጠየቀች። ለካ አሥር ዓመት ሙሉ ሥራዬን አስረድቻት አላውቅም።

ወስኛለሁ። እዚህ ይጻፍ። የሚመጣው ዓመት ኅዳር 12 ከኛ በር ጭስ አይወጣም፣ ጎረቤት ሁሉ ቢያጨስ። የፈተና ብልሽት ሲኖር እኔና እሷ አብረን እናሸዋለን። የሚያባዛ ከተገኘ ነው እሱም። ኢንሻአላህ ይገኛል። ለልጄ ደግሞ ደክሞኛል ብዬ በአንድ ቃል…

ሀያት ገባች። መጋረጃውን ገልጣ አምፖሉን አጠፋችብኝ። ገና ፀሐይ ሳለ መብራት ምን ያደርግልሻል፣ ወደ መስኮቱ ጠጋ በይ አለችኝ። ተቆጥታ ነው። አልሀምዱሊላህ፣ ተቆጥታ ነው። ልጠጋ።