የአርዴሊያ ግራ እጅ

ውድ እህቴ ኢዶራ፣

ይህ ደብዳቤ ቺካጎ ድረስ ሄዶ በጤና ያግኝሽ፤ እኛም ሃርለም ደህና ነን።

እሑድ ባለቤቴ የልጃችንን የአርዴሊያን እጮኛ ከነወላጆቹ ምሳ ጋበዘች። አባቱ ሐኪም ስለሆነ "ከእንግዲህ እኛም ከታላላቆቹ ተቆጠርን" ትላለች። አርዴሊያን "ፒያኖው ላይ መዝሙር ብቻ፣ ሰማሽ?" አለቻት። ልጅቷም በመዝሙር ጀመረች፤ ግራ እጇ ግን ወደ ጃዝ ሾለከ። ሐኪሙ በእግሩ ወለሉን ሲመታ ሚስቱ "አንተ ሰውዬ፣ ጭፈራ ቤት መሰለህ?" አለችው። ሳቄን በሳል አፈንኩት።

ሰርጉ ሰኔ ላይ ነው። አርዴሊያ ለሁሉም ነገር "እሺ እማዬ" ማለት አብዝታለች። ትናንት ቁልፉ የተበላሸ ሻንጣዋን እንድጠግንላት አመጣችልኝ። እንደ እኔ ያለ ጡረታ የወጣ መምህር ጥያቄ አያልቅበትም፤ ይህን ግን ሳልጠይቅ ጠገንኩላት።

ትርፉ ክፍልሽ አሁንም ባዶ ነው? የዚያ አገር ብርድስ በስስ ካፖርት ይቻላል?

ለጎረቤቶችሽ ሰላምታዬን አድርሺልኝ። በርሽን ሰው ካንኳኳ መጀመሪያ ክፈቺ፤ ጥያቄው ይደርሳል።

ወንድምሽ ኦገስተስ