ሁለቴ የምመታው ነጥብ

ሆዴ፣ ከተለየኸኝ ሁለት ዓመት አለፈ። የጎፋው ቤታችን ደህና ነው። ልጅህ ማርታ ብርድ እንዳይገባብኝ ብላ በረንዳውን በመስታወት ዘጋችው፤ ብትኖር በነገር ትወጋት ነበር። ያ ነጭ ኮምፒውተርህ አርጅቶ ቢጫ ሆኗል፤ አውጥተሽ ጣዪው ቢሉኝም እምቢ ብያለሁ።

ያመጣኸው ቀን እንዴት እንደሳቅሁብህ ታስታውሳለህ? እኔ በአማርኛ ታይፕ ስሜ የተጠራ ጸሐፊ፣ አንተ ማተሚያ ቤት ቆመህ የእርሳስ ፊደል ስትለቅም የኖርክ ሰው። ማተሚያ ቤቱ በሙሉ ጠረጴዛችን ላይ መጣ ስትለኝ፣ ነካ አደረገው እንዴ ብዬ ነበር። የሚያስተምርህ አልነበረም። ፔጅሜከር የሚሉትን የገጽ ማቀናበሪያ ቁልፉን እየነካካህ፣ የሠራኸው ሲጠፋብህ እንደገና እየጀመርክ ብቻህን ተማርከው። ፊደላችን ከማሽኑ ታትሞ ሲወጣ ያየህ ዕለት እንባህን መቆጣጠር አቅቶህ ነበር።

ከዚያ የቤተ ክርስቲያናችንን የመዝሙር መጽሐፍ አብረን ሠራን። እኔ ኮምፒውተሩ ላይ ጻፍኩ፣ አንተ ገጹን አቀናበርክ። ለጠየቀኝ ሁሉ ዋናው ሥራ የእኔ ነው፣ እሱማ ቆርጦ መለጠፍ ብቻ ነው እያልኩ ስኩራራ፣ አንተ ፈገግ ትል ነበር።

ባለፈው ወር ሽማግሌዎቹ መጽሐፉን እንደገና ሊያሳትሙት ፈልገው የአዘጋጁን ስም ጠየቁኝ። ሳላፍር የራሴን ሰጠኋቸው። ማርታ ኮምፒውተርህን ስትከፍት ግን ሁለት ፋይል አገኘች፤ አንዱ እኔ የጻፍኩት፣ ሌላው አንተ የጨረስከው። የእኔን አይቼ ደነገጥኩ። በታይፕ ልማዴ አራት ነጥብ ለማውጣት ሁለት ነጥብን ሁለቴ መትቻለሁ። ማሽኑ ደግሞ ለያይቷቸው፣ አንዱ መስመሩ መጨረሻ ላይ ቀርቷል፣ ሌላው የሚቀጥለው መስመር መጀመሪያ ላይ ወድቋል። የእኔ ፋይል ሙሉ እንዲህ ነው። በአንተ ፋይል ግን አንድም የተሰበረ ነጥብ የለም። ሁሉንም አንድ በአንድ ለቅመህ አስተካክለሃል፤ ለእኔ ትንፍሽ አላልክም።

ምን ዓይነት ሰው ነበርክ! በአንተ ኮራሁ፣ በራሴ አፈርኩ። እሑድ ሽማግሌዎቹ ፊት ቆሜ፣ አዘጋጁ ባለቤቴ ነው፣ እኔን ጸሐፊ ብላችሁ ከታች አስገቡኝ አልኳቸው። ማርታ አጠገቤ ሆና ታለቅስ ነበር።

ሆዴ፣ በሕይወት ሳለህ አንድ ቀን እንኳ ጎበዝ ነህ ብዬህ አላውቅም። አሁን ላገኘሁት ሰው ሁሉ እናገራለሁ፤ እስክንገናኝም አላቆምም።

ጸሐፊህ፣ አስቴር