በቆርቆሮው ላይ የተጻፈው ስሜ

ውድ መምህር ቤልሚሮ፣

ይህ ደብዳቤ እጅዎ ሲገባ የክብር ዝግጅትዎ እረፍት ላይ ነው። ዛሬ ከሚታየው የመጀመሪያው ፊልምዎ የቀረው የመጨረሻው ጥቅል ብቻ ነው፤ ከዚያ ሜዳሊያው። ሠላሳ ዓመት፣ ሃያ ሁለት ፊልም። የሊዝበንን ብርሃን እንደ እርስዎ ያነሳ የለም ይላል ጋዜጣው። እውነት ነው። ጋዜጣው የማያውቀውን እኔ ልጻፍልዎ።

በኬሚስትሪ ተመርቄ ስመጣ "ዩኒቨርሲቲ ደግሞ ፊልም ማጠብ ማስተማር ጀመረ እንዴ፣ ዶክተሯ?" ብለው ሳቁብኝ። ሰባት ዓመት ፊልምዎን አጠብኩ፣ ሌንስዎን አስተካከልኩ። ታመው በተኙ ጊዜ ሁለት ፊልም ራሴ አነሳሁ። ስሜ የትም አልተጻፈም። ስጠይቅዎ፣ ቀን ይመጣል ይሉኝ ነበር።

መጣ።

በወደብ ከተማዋ በሴቱባል ያነሳነውን ቀብር አይረሱትም። ሟቿ የሰርዲን ፋብሪካ ሠራተኛ ነበረች፤ ሠራተኞቹ ሥራ ባቆሙበት ቀን በጥይት ነው የሞተችው። ካሜራውን በዓሣ ጋሪ ደብቀን ገባን። እርስዎ ያነሳሉ፣ እኔ ሌንሱን እያዞርኩ ምስሉን አጠራለሁ። የፊተኞቹ ብቻ ጠርተው ይታዩ ብዬ ስጀምር ጆሮዬ ላይ ጎንበስ አሉና "ከኋላ ያለውም እናት አለችው፣ ልጄ። ፊቱ ይታይ" አሉኝ።

እንዳሉኝ አደረግሁ። ወንድሜ ኤሊዚዩ አራተኛው ረድፍ ላይ ነበር።

ባለፈው ማክሰኞ የምስጢር ፖሊሶች ጠሩኝ። ጠረጴዛው ላይ ሰማንያ አንድ ፊት ተደርድሮ ጠበቀኝ፤ ሁሉም ከዚያ ፊልም ተቆርጦ በትልቁ የታተመ። መርማሪው የኤሊዚዩን አነሳና "ጺሙን ሳይላጭ ነው የወጣው፤ አንቺ ግን አሳምረሽዋል" አለኝ። ቀጥሎ ፊልሙ የሚቀመጥበትን ቆርቆሮ ገፋልኝ። በእርስዎ የእጅ ጽሑፍ፣ ስሜ፦ ፊልም አንሺ፣ ዙልሚራ ፋልካዉ።

"ሰኞ ልብስሽን ይዘሽ ተመለሺ" ብሎ አሰናበተኝ።

እናቴ በየሐሙሱ ለታሰረው ኤሊዚዩ ንጹሕ ሸሚዝ ይዛ ወህኒ ቤት ትሄዳለች። የሚመልሱላትን ሸሚዝ ለእኔ አታሳየኝም።

እርስዎ ግን አንድ ነገር ዘንግተዋል። ቀብሩ ላይ፣ ቀረጻ ሲጀመር የሚነሳውን የስም ሰሌዳ መጀመሪያ ላይ ማጨብጨብ አልቻልንም፤ ሰው ይነቃብን ነበር። እንደ ሙያችን ልማድ መጨረሻ ላይ ገልብጠን አነሳነው። ካሜራውን እኔ ያዝኩ፤ እርስዎ ባሕሩን ከኋላዎ አድርገው ሰሌዳውን ቁልቁል ያዙ። ቀኑን፣ ቦታውንና የአንሺውን ስም በጠመኔ የጻፉት ራስዎ ነዎት። ያን ጊዜ የጻፉት የራስዎን ስም ነበር። የጥቅሉ ጭራ ደግሞ ሁልጊዜ ለሙከራ ተቆርጦ ቀድሞ ይታጠባል። የማጥበው እኔ ነኝ። እኔ ጋ ቀረ።

ለመርማሪው ልሰጠው እችል ነበር። ለፖሊስ በስውር ፊልም ማቀበል ግን የእርስዎ ሙያ ነው። እኔ ሰው በተሰበሰበበት ነው የማሳየው።

የዛሬውን ቅጂ እንዳዘጋጅ ያዘዙኝ እርስዎ ነዎት። ጭራውን መጨረሻው ላይ ቀጠልኩት። ዐሥር ሰከንድ ነው፤ ያን ቀብር ማን እንዳነሳ አዳራሹ ሁሉ ያነባል። እርስዎና ባሕሩ ብቻ፤ የሌላ የማንም ፊት የለበትም። ወደ ማጫወቻው ክፍል አይሩጡ። ፊልም ሲታይ በሩ ከውስጥ ይቆለፍ ብለው ደንብ ያወጡት እርስዎ ነዎት።

ሰኞ መርማሪው ሲጠብቀኝ እኔ ድንበሩን ተሻግሬያለሁ። ሰማንያ አንዱንም ስም በቃሌ ይዣለሁ፤ በደረስኩበት አገር ሁሉ እናገረዋለሁ።

አሁን ደወሉ ይደወላል። ይግቡ፤ ቦታዎ ከሚኒስትሩ አጠገብ ነው። ሰሌዳው ተገልብጦ ሲመጣ ሰዎቹ ለማንበብ አንገታቸውን ያጣምማሉ። የእርስዎ ፊት ግን ቀጥ ብሎ፣ ጥርት ብሎ ይታያል። እንዳስተማሩኝ።

አንሺ፣
ዙልሚራ ፋልካዉ