የአቶ ስብሐት የሺጥላ ዕረፍትና ባዶ ሆኖ የተገኘው የንድፍ ኮምፒውተር

ሰኞ ጥር 25 ቀን 2018 ዓ.ም. ጠዋት የማኅበራችን የንድፍ ኮምፒውተር ሲከፈት አዲስ ኦፐሬቲንግ ሲስተም ተጭኖበት፣ የአባላት የጥለት ንድፎች የነበሩበት የዲስክ ክፍልም ባዶ ሆኖ ተገኝቷል።

ኮምፒውተሩን ለዓመታት የጠበቁት ባለሙያችን አቶ ስብሐት የሺጥላ ቀደም ብሎ፣ ረቡዕ ጥር 20፣ በድንገተኛ ሕመም ዐርፈዋል። የሽሮ ሜዳ ቀሰም የሸማኔዎች ኅብረት ሥራ ማኅበር አመራር፣ ሠራተኞችና አባላት በዕረፍታቸው እጅግ አዝነናል። ሁለቱን ነገሮች ለየብቻ ብናሳውቅ በወደድን ነበር። በሰፈሩ ግን አንድ ላይ እየተወሩ ስለሆነ ዝም ማለት አልቻልንም።

አቶ ስብሐት ጉለሌ ውስጥ ከሸማኔ ቤተሰብ የተወለዱ ሲሆን፣ አዲሱ ገበያ በነበራቸው የኮምፒውተር ጥገና ሱቅ ይታወቁ ነበር። በ2009 ዓ.ም. ማኅበሩን ተቀላቀሉ።

በ2012 ዓ.ም. ኮምፒውተሩ አልነሣ ብሎ ሲስተሙ እንደገና መጫን ነበረበት። አባላት ንድፋቸው ከዓይናቸው እንዳይርቅ ዴስክቶፕ ላይ ያስቀምጡ ስለነበር ሥራቸው ሁሉ ሊጠፋ ተቃርቦ ነበር። አቶ ስብሐት አተረፉት፤ ንድፎቹንም ሲስተሙ ከሚጫንበት ወደ ተለየ የዲስክ ክፍል አዛወሩ። ከዚያ ወዲህ ሁለት ሸማኔዎች አጠገባቸው ቆመው ሳያዩ ሲስተም ጭነው አያውቁም። “አንተ ዓይንህን አምጣ፣ እጁ ከእኔ” ይሉ ነበር።

በ2016 ዓ.ም. የንድፎቹ ቅጂ ከቢሮው ውጭ እንዲቀመጥ ጠይቀው ነበር። ጉባኤው ንድፋችን በገልባጭ እጅ ይወድቃል በሚል ስጋት ከለከለ። ውሳኔው የእኛ እንጂ የእርሳቸው አልነበረም።

ባለፈው ኅዳር የኮምፒውተሩ ሰዓት ባትሪ መድከሙን አሳውቀዋል። አልተቀየረም።

አሁን ኮምፒውተሩ ሲስተሙ የተጫነው ጥር 19 እንደሆነ ያሳያል። አቶ ስብሐት በዚያ ቀን ቢሮ ገብተው ስለነበር “ንድፉን ለሌላ ሰጥቶ አጥፍቶት ሞተ” የሚል ወሬ ተነሥቷል። ሆኖም መብራት በጠፋ ቁጥር የኮምፒውተሩ ሰዓት ወደ ኋላ ስለሚመለስ ቀኑ ማስረጃ አይሆንም። ሲጫን ቆሜ አይቻለሁ ያለ አባልም እስካሁን የለም። የንድፎቹ ክፍል ግን አንድ ሰው መርጦ ካልሰረዘው በራሱ ባዶ አይሆንም። የቢሮው ቁልፍ ከሟች ሌላ በሁለት ሰዎች እጅ ነው፤ ሁለቱም አልነካንም ብለዋል። ከሁለቱ አንዱ ሐዘኑ ሳይወጣ ኮምፒውተሩ ቶሎ ወደ ሥራ እንዲመለስ ጠይቀዋል። ማኅበሩ በማንም ላይ ጣቱን አልቀሰረም፤ ማንንም ነፃ አላለም።

ለባለቤታቸው ለወ/ሮ ፀጋ ኃይለ መለኮት፣ ለልጃቸው ለትሕትናና ለሥራ ባልደረቦቻቸው መጽናናትን እንመኛለን፤ ነፍሳቸውን ይማር። ልናጽናና በሄድንበት ወ/ሮ ፀጋ “ሙት አይከራከርም፤ እናንተ ተከራከሩለት” ብለውናል።

ያማከርነው ባለሙያ ንድፎቹን መመለስ፣ ሲስተሙ የተጫነበትንም ትክክለኛ ጊዜ ማወቅ ይቻል ይሆናል ብሏል፤ ኮምፒውተሩ በተሠራበት ቁጥር ግን ዕድሉ ይጠባል። ስለዚህ ከመብራት ተነቅሎ ታሽጓል። ዲስኩ የቤተሰቡ ተወካይ ባለበት በውጭ ባለሙያ ይመርመር ወይስ ኮምፒውተሩ ወደ ሥራ ይመለስ የሚለውን ቦርዱ ቅዳሜ የካቲት 7 ቀን 2018 ዓ.ም. ከጠዋቱ በ3 ሰዓት ተሰብስቦ ይወስናል።