የስምንተኛው ግድግዳ ልክ

ለውድ አክስቴ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናሽን እጠይቃለሁ። ጉልበትሽ እንዴት ሆነ? ደረጃ አትውጪ ያለሽ ሐኪም አሁንም ይቆጣሻል ወይስ እንደ ሁላችን ተስፋ ቆርጦ ትቶሻል? እኛ ደህና ነን። ባለቤቴ ሰላም ብላሻለች። ልጄ የፊት ጥርሷ ወልቆ ስትስቅ አፏን በእጇ ትሸፍናለች። በስድስት ዓመትሽ የተነሣሽውን ፎቶ ስታይ ግን አትሸፍንም፤ አንቺም እዚያ ላይ ጥርስ የለሽም።

ይህን ደብዳቤ ስጀምርና ስቀድ ሳምንት ሞላኝ። ብደውልልሽ ይቀለኝ ነበር፤ ግን በስልክ ሁልጊዜ ትቀድሚኛለሽ። ነገሩን ወደ ልጅቷ ጥርስ ታዞሪውና እኔም እየሳቅሁ ስልኩ ይዘጋል። ወረቀት ግን አፉን አይዘጋም፣ እስከ መጨረሻው ታነቢኛለሽ ብዬ ነው።

ጉዳዩ ስለ ቤቱ ነው። መንገዱ ሊሰፋ ነው። በመሥመሩ ላይ ያለ ቤት ሁሉ ይፈርሳል፣ በቅርስነት የተመዘገበ ካልሆነ በቀር። መዝገቡን የሚያዘጋጀው የእኛው መሥሪያ ቤት ስለሆነ፣ ባለ ስምንት ግድግዳውን ቤት ለክቶ እንዲያቀርብ የታዘዘው ሰው ደግሞ እኔው ሆኜ አረፍሁት። ኃላፊያችንን፣ ያን ለሁሉ ነገር “ይደርሳል” ስለሚል “አቶ ይደርሳል” የምንለውን ሰውዬ፣ የምኖርበትን ቤት እንዴት ራሴ ልለካ ብዬ ጠየቅሁት። ከአንተ የተሻለ ማን ያውቀዋል አለኝ። እኔም እውነት መስሎኝ ሜትሬን ይዤ ወጣሁ።

ቅጹ ግድግዳ የሚጠይቀው በአራት መሥመር ነው፤ ሰሜን፣ ደቡብ፣ ምሥራቅ፣ ምዕራብ። የቀሩትን አራቱን ኅዳጉ ላይ አጨናንቄ ጻፍኋቸው። አብራኝ የመጣችው የመሥሪያ ቤታችን የታሪክ ባለሙያ ናት፤ ዕድሜዋ ከእኔ ያንሳል፣ ዕውቀቷ ግን አይጣል ነው። የጥንት ሰዎች ማማና መጠመቂያ በስምንት ማዕዘን ይሠሩ እንደነበር፣ ኋላም በሌላ አገር አንድ ዘመን ላይ ሰዉ ሁሉ መኖሪያውን እንዲህ ካልሠራሁ ብሎ እንደነበር አጫወተችኝ። በዚያው የግድግዳ ርዝመት ከአራት ማዕዘን ሰፋ ያለ ወለል ያቅፋል፣ ብርሃንም ከየአቅጣጫው ይገባል እያሉ የሚሰብኩ ተነሡ። ብዙ ሰው አምኖ ሠራ። በኋላ አልጋና ቁም ሳጥን ማስገባት ሲጀምሩ ጉዱ ፈላ፤ ክፍል ከክፍል ሲለይ በየመሀሉ ለምንም የማይሆን ሦስት ማዕዘን ጓዳ ይተርፋል። ይህን ስትል ሳቄ አመለጠኝ። ስንት እንግዳ “ደህና ሁኑ” ብሎን በሩን ሲከፍት መጥረጊያ ማስቀመጫው ውስጥ እንደገባ አንቺ ታውቂያለሽ።

አባባ፣ አባትሽ፣ ቤቱን ሲሠራ ግን ይህን ሁሉ ሰምቶ አልነበረም። ከድልድይ ሥራ የተረፈ አጫጭር እንጨት ነበረው፤ አጭር እንጨት ረጅም ግድግዳ ላይ አይደርስም። ስለዚህ ግድግዳውን አሳጥሮ ቁጥሩን አበዛው፣ አለቀ። ከዚያ በኋላ ዕድሜውን በሙሉ የተመጻደቀው በአንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ስምንቱም እኩል ናቸው፣ በፀጉር እንኳ አይበላለጡም እያለ ይምል ነበር። ለጣት ውፍረት ስሕተት የሠራተኛ የቀን ሥራ ያስፈረሰ ሰው ነው፣ ማን ይጠራጠረዋል?

ያንቺም ልብ ወለድ መጽሐፍ ገባበት እንጂ። ይኸውልሽ፣ ካሳተምሽው ሃያ ዓመት አልፎት ዛሬም አንባቢዎችሽ እየመጡ ቤቱን ይዞራሉ። ጨካኙ አባት የልጁን በር በድንጋይ ሲደፍነው፣ ወዳጇ ቤቱን እየዞረ ግድግዳ ሲቆጥር ሁልጊዜ ሰባት ብቻ የሚሆንበትን ቦታ ያነበበ ሁሉ ሳይቆጥር አይሄድም። ባለፈው አንድ ባልና ሚስት ሰባት ነው ስምንት ነው ተባብለው አጥራችን ሥር ተኳርፈው ተለያዩ። ባለቤቴ ወንበር አውጥታ በሳቅ ስትመለከታቸው ነበር።

አቶ ይደርሳልም ከአንባቢዎችሽ አንዱ ነው። ቅጹ በቤቱ ላይ ለውጥ ከተደረገ ምክንያቱንና ዓመቱን ይጠይቃል፤ ያለዚያ ኮሚቴው አይቀበልም። ከክፍልሽ ወደ መንገዱ ይወጣ የነበረው በር መደፈኑ ደግሞ ከውጭ በግልጽ ይታያል። አቶ ይደርሳል ምን ያስጨንቅሃል፣ መጽሐፉ ላይ ያለውን ጻፍ፣ ኮሚቴው በአንድ ድምፅ ያሳልፈዋል አለኝ። ልብ ወለድ እኮ ነው አልሁት። የቤቱ ልጅ ናት የጻፈችው፣ የማታውቀውን አትጽፍም አለኝ። አባባ ጨካኝ አልነበረም ልለው ፈለግሁ፤ ግን በሩ ለምን እንደተዘጋ እኔም አላውቅም ነበርና ቅጼን ይዤ ወጣሁ።

አሁን ወደ ሞኝነቴ ልግባ። አንዱን ግድግዳ ለካሁና በስምንት አባዛሁት። አራት ሜትር ከሃያ፣ ሁሉም። በሙያዬ አሥራ ስድስት ዓመት የሠራሁ ሰው እንዲህ አላደርግም፤ ግን አባባን በሜትር መጠርጠር ነውር መሰለኝ። ባለሙያዋ ግን አባባ አላሳደጋትም። ሜትሩን ከማዕዘን ወደ ማዕዘን ስትዘረጋ ቁጥሩ ከንድፌ ጋር አልገጥም አለ። ቁም ሳጥኑን ፈቀቅ አድርገን፣ በውጭም ሐረጉን ገፍተን አንድ በአንድ ለካን። አምስቱ አባባ እንደሚምለው እኩል ናቸው። ስምንተኛው፣ ያንቺ ክፍል ግድግዳ፣ ሦስት ሜትር ከአርባ ብቻ ነው። ግራና ቀኝ ያሉት ጎረቤቶቹ ደግሞ በሃምሳ ሰባት ሳንቲም ረዝመዋል። አንድ ሰው ያን ግድግዳ አፍርሶ አርባ ሳንቲም ወደ ውጭ ገፍቶታል፤ በሩንም የደፈነው በዚያው ጊዜ፣ በዚያው ድንጋይ ነው።

ቱንቢን ታስታውሻቸዋለሽ፣ ግድግዳቸው ከመቅናቱ የተነሣ ስማቸው ተረስቶ በመሣሪያቸው ስም የቀሩትን ግንበኛ። አሉ፤ ልጃቸው ዘንድ ነው የሚኖሩት። በመኪና አመጣኋቸውና ክፍልሽ ውስጥ ወንበር ሰጠኋቸው። ግድግዳውን በመዳፋቸው ደባበሱትና ይሄ የእኔ ነው አሉ። ማፍረሱን ግን አባትየው በገዛ እጃቸው ነው ያፈረሱት፣ አላስነካም ብለው አሉኝ። ከአራሷ አልጋ አጠገብ የሕፃን አልጋ ማቆሚያ ስለጠፋ ነው። በሩስ ለምን ተደፈነ ብዬ ጠየቅኋቸው። የመንገዱ ንፋስ በዚያ በኩል ነበር የሚገባው፣ መጋረጃ ይበቃል ብላቸው መጋረጃ ንፋስ አያቆምም፣ ሁለቱም ብርድ ይመታቸዋል ብለው ተቆጡኝ አሉ። በጎን ያለውን መስኮት አሰፉት፣ የጠዋት ፀሐይ አልጋው ድረስ እንዲደርስ። ልጅቷ ቀኗ ገብቷልና ቶሎ በል እያሉ ምሳ እንኳ በወጉ አላስበሉኝም አሉ።

የትኛዋ ልጅ ብዬ ጠየቅሁ።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይባላል። ሽማግሌው ፊቴን ሲያዩ ተረቱ በእኔ እንደደረሰ ገባቸውና ሳል ያዛቸው። ውኃ ሰጠኋቸው። ሌላ አልጠየቅኋቸውም፣ ዓመቱንና ቀኑን ብቻ። እኔ ከመወለዴ ሦስት ሳምንት ቀደም ብሎ ነው። እናትህ ናት እያልሽ በፎቶ ያሳየሽኝ ታላቅ እህትሽ በዚያን ጊዜ በባሏ ከተማ እንደነበረች፣ እዚያው ወልዳኝ እዚያው እንዳረፈች፣ እኔም በአባባ እቅፍ ወደዚህ እንደመጣሁ አንቺው ነግረሽኛል። አያቴ ከዚያ ብዙ ዓመት በፊት አርፋለች። ያኔ በዚህ ቤት የምትኖር ሴት አንዲት ብቻ ነበረች። ከዚህ በላይ አልጽፍም። አንቺ አርባ አንድ ዓመት ሆድ ይፍጀው ብለሽ ይዘሽዋል፤ እኔ ሳምንት አልቻልሁም።

አልዋሽሽም፣ የመጀመሪያውን ቀን ተቆጥቼ ነበር። ቢሮ ቁጭ ብዬ ያለኝን እርሳስ በሙሉ እየቀረጽሁ ጨረስሁት። በማግስቱ ግን ሌላ ነገር ታየኝና ቁጣዬ በረደ። በአባባ ቀብር ቀን በአጥሩ በር ላይ ቆመሽ፣ ይህ ቤት በእኔ ላይ የተዘጋ ቤት ነው ብለሽ ሳትገቢ ተመለስሽ። ሐዘኑ ነው ያናገራት ብዬ ነበር። አሁን መጽሐፍሽን እንደገና አነበብሁትና ገባኝ። መንገደኛ እንዳያይሽ፣ አፍሮብሽ በሩን የደፈነ መስሎሻል። አንቺ አልጠየቅሽው፣ እሱ አልነገረሽ።

አክስቴ፣ ሰውዬው መናገር አይችልም ነበር፤ መሥራት ነበር የሚችለው። ስምንቱ እኩል ናቸው እያለ የሚመጻደቅበትን ቤት በገዛ እጁ አበላሸው፣ ከዚያም በኋላ እኩል ናቸው እያለ መማሉን ቀጠለ። ማንም ሜትር ይዞ እንዳይመጣና ለምን ብሎ እንዳይጠይቅ ነው። በሕይወቱ ሲዋሽ የማውቀው ይህን ብቻ ነው። ይህን ሳስብ ባለቤቴ ፊት አለቀስሁ፤ ለምን እንደሆነ አልነገርኋትም፣ እሷም አልጨቀጨቀችኝም።

ቅጹን ለማስረከብ አሁን ስድስት ቀን ቀርቶኛል። የመጽሐፍሽን ታሪክ ብጽፍ ቤቱ ይድናል፣ አባባ ግን ለዘላለም በመንግሥት መዝገብ ላይ በልጁ ላይ በር የደፈነ ሰው ሆኖ ይቀራል። ይህን አላደርገውም፤ አንቺም አሁን የምትፈቅጂልኝ አይመስለኝም። እውነቱን ብጽፍ ደግሞ አንቺ በሰው ፊት ትቆሚያለሽ፤ ያን ለመወሰን እኔ ማን ነኝ? እንቢ ካልሽኝ ቅጹን ሳልሞላ አስቀረዋለሁ። ቤቱ ይፈርሳል፣ እኛም ቀጥ ያለ ማዕዘን ያለው ቤት ተከራይተን ቁም ሳጥናችን ለመጀመሪያ ጊዜ ግድግዳ ይጠጋል። የአንቺን ምስጢር አፍርሼ ቤት አላቆምም። አክስቴ ስልሽ ኖሬ ምንም አልጎደለብኝም፤ ትምህርት ቤት በር ላይ ጃንጥላ ይዘሽ የጠበቅሽኝ አንቺ፣ ትኩሳት ሲይዘኝ የምትፈሪው አንቺ፣ ሳገባ ከእኔ በላይ የተንቀጠቀጥሽው አንቺ። የምጠራሽ ስም ያንቺ ምርጫ ነው፤ እወድሻለሁ፣ በየትኛውም።

ቅጹን ከዚህ ጋር አያይዤዋለሁ። ከፈለግሽ መልሰሽ ላኪልኝ፣ ካልፈለግሽ እዚያው አስቀሪው፤ ምክንያቱን አልጠይቅሽም። ጉልበትሽን ያበርታልኝ፣ ዓይንሽን ይጠብቅልኝ፣ ልጄ ጥርሷ በቅሎ በአካል እስክትስቅልሽ ድረስ ዕድሜሽን ያርዝምልኝ።

ምክንያቱን በእርሳስ ጽፌዋለሁ፤ “አራስና ሕፃን ብርድ እንዳይመታቸው” ይላል። ከሥሩ በዚያን ጊዜ በክፍሉ ይኖሩ የነበሩትን ሰዎች ስም የሚጠይቁ ሁለት መሥመሮች አሉ። የመጀመሪያውን ባዶ ትቼዋለሁ። በሁለተኛው ላይ የራሴን ስም በብዕር ጽፌያለሁ።

ልጅሽ