ዲሲ ያለ ይውሰድ

ውድ ኢብሳ፣

እንዴት ነህ? የደሎ መና ሙቀት እንዴት አድርጎሃል? ይህን የምጽፍልህ ጎባ፣ እናትህ ቤት፣ ለፈተና ታጠናበት በነበረው ጠረጴዛ ላይ ሆኜ ነው። አንዱ እግሩ አሁንም ያነክሳል፤ ተስማምተናል። ስልክ ብደውል እንደ ልማድህ «ጨዋታው እንዴት ነበር?» ብለህ ትጀምርና የልቤን ሳልናገር ካርዴ ያልቃል። ስለዚህ ጠዋት በሃረና በኩል ወደ አንተ ለሚወርደው ሹፌር፣ ለመሀመድአወል፣ ደብዳቤውን እሰጠዋለሁ።

ደክሞኛል ኢብሳ። ሌላው ሁሉ የሚመጣው ከዚህ ነው።

ሮቤ ተመድቤ ስመጣ ኦሮምኛ አንዲት ቃል አላውቅም ነበር። ለዩኒቨርሲቲው ቡድን የመጀመሪያ ልምምድ በወጣንበት ጠዋት፣ ያ ብርድ ኳሱን ድንጋይ ባደረገበት ሰዓት፣ ለአንድ ኳስ ሁለታችንም ዘለን ግንባር ለግንባር ተላተምን። አንተ ደምህን በካልሲህ እየጠረግህ ተቆጣኸኝ።

«ዲሲ ስልህ ለምን አትተወውም?»

«ዲሲ ደግሞ ምንድን ነው?»

«ተወው ማለት ነዋ! ከኋላ ያለ ሰው ሁሉን ያያል። ዲሲ ያለ ይውሰድ። ብሎ ከሳተም ጥፋቱ የራሱ ነው።»

ከዚያ በኋላ እስክንመረቅ ድረስ አልተጋጨንም። ድምፅህን ስሰማ ዞር ብዬ እንኳ አላይም ነበር፤ እተወዋለሁ፣ አንተ ትወስደዋለህ። በሕይወቴ እንደዚያ ተማምኜ ለሰው ጀርባዬን ሰጥቼ አላውቅም።

ከከፍተኛ ሊግ ሊያዩን የመጡት ሰዎች የፈለጉት አንተን ነበር። ይህን ሁለታችንም እናውቃለን፣ ግን አንድም ቀን አውርተነው አናውቅም። አባትህ አልጋ ላይ ነበሩ፣ ስንዴውም ሳይታጨድ ሜዳ ላይ ቆሟል። «እኔ አልችልም፣ ክብሩን ውሰዱት» ብለህ እኔን ሰጠሃቸው፣ ትርፍ ብርድ ልብስ እንደሚያውስ ሰው። መናኸሪያ ስትሸኘኝ በአውቶቡሱ መስኮት «ሂድ፣ ከኋላህ አለሁ» አልከኝ።

ሄድኩ። ተጠባባቂ ወንበር ላይ ስንት ጃኬት ለብሼ እንደጨረስኩ አልነግርህም። አሰልጣኝ በተቀየረ ቁጥር እንደ አዲስ ተፈትኛለሁ። ፕሪሚየር ሊግ የገባሁ ቀን አንተ ለትምህርት ቤታችሁ መምህራን በሙሉ ሻይ ጋበዝክ አሉኝ። እኔ ግን ሆቴል ክፍሌ ገብቼ ከነጫማዬ ተኛሁ።

ጉልበቴ የተጎዳበትን ጨዋታ አይተኸዋል። ያላየኸውን ልንገርህ። ሜዳ ላይ «ተወው» ማለትን እንደ ምንም ለምጄ ነበር። የዚያን ዕለት ግን ጨዋታው ሊያልቅ ሲል፣ እግሬ ከዳኝና አፌ ወደ ሮቤ ተመለሰ። ኳሱ ከላይ ሲመጣ «ዲሲ!» ብዬ ጮህኩ። በረኛችን ኪዳነማርያም ምን ይወቅ? ወጣ፣ ተላተምን፣ ኳሱ በመሐላችን ተንከባልሎ መረብ ውስጥ ገባ። ጉልበቴን ይዤ ተጋድሜ እያለሁ ከላዬ ቆመ።

«ምን ነበር ያልከኝ?»

«ዲሲ።»

«የምን ዲሲ? ቪዛ ተመታልህ እንዴ?»

ከዚያ ወዲህ ስሜ ዲሲ ሆነ። መልበሻ ክፍል ስገባ «አሜሪካ መቼ ነው?» ይሉኛል። እኔም አብሬ እስቃለሁ፤ ደጎች ናቸው። ግን ከፋኝ ኢብሳ። ያቺን ቃል የሚያውቅ አንድ ሰው በዙሪያዬ አለመኖሩ ከጉልበቴ በላይ አመመኝ።

አሁን ክለቡ ለሌላ ዓመት ፈርም ይለኛል። ሐኪሙ በመርፌ ይገፋል ይላል። እኔ ደረጃ የምወርደው እንደ ሽማግሌ በጎኔ ነው። እስከ ቅዳሜ መልስ ይጠብቃሉ። ማቆም እፈልጋለሁ። የምፈራው አንተን ነው። በአንተ ቦታ ነዋ የተጫወትኩት! እኔ ሳቆም አንተን ሁለተኛ ጊዜ ያስቀረሁህ ይመስለኛል።

ዛሬ ከባጃጅ ስወርድ እናትህ አዴ ሙሉካ አዩኝ።

«ኢልማ ኮ፣ ማል ታቴ? ልጄ፣ ምን ሆንክ?»

«ምንም አይደል አዴ፣ ትንሽ ጉልበቴን ነው። አይስጉ።»

አስቀምጠውኝ ሱሪዬን ሰብስበው ቅቤ ያሹልኝ ጀመር።

«ኢብሳ እስካሁን እንዳልተሻለህ ያውቃል?»

«አልነገርኩትም።»

«ያውቃል። ባለፈው መጥቶ ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጦ ‹ዲሲ! ክብሩ፣ ዲሲ!› እያለ ይጮሃል። ኳሱ እኮ አንተ ጋ የለም፣ ታነክሳለህ። ‹ወላሂ አበድክ፣ እሱ የት ይሰማሃል?› ስለው ‹ይሰማኛል› ይላል። ዓይኑ እንባ ሞልቷል።»

ሱሪዬን ከቅቤው ከፍ አድርጌ ያዝኩላቸው። እሳቸውም ማሸታቸውን ቀጠሉ።

አልሰማሁህም፣ ወንድሜ። እዚያ ጩኸት ይበዛል። እዚህ ግን ጭጋጉ ወርዷል፣ ጎባ ጸጥ ብላለች፣ ሹክ ብትል እንኳ እሰማሃለሁ። ይህ ሲደርስህ ደውልልኝ። ስለ ጨዋታው አትጠይቀኝ። ሰላምታም ይቅር። እንደ ድሮው ከኋላዬ ቁምና ቃሏን አንድ ጊዜ በላት። ዞር ብዬ አላይም፤ እተወዋለሁ።

ከፊትህ የነበረው፣
ክብሩ